የኩኩ ጫጩት በሰው ጎጆ፦ ደሴ ላይ በፍላሽ ያስጫንኩት የልጆች ካርቱን

ፊልሙን ግዙ፣ ትርጉሙን ተዉት። ለቸኮለ ሰው ይኸው ይበቃዋል። ያልቸኮለ ደግሞ ምክንያቴን ይስማ። የባዮሎጂ አስተማሪ ነኝ፤ ነገር ሳላብራራ ማለፍ አልሆነልኝም፤ ባለቤቴ በዚህ አመሌ ሲማረር ኖሯል።

የምናገረው ስለ አንድ የልጆች ካርቱን ነው። አንዲት ኩኩ ወፍ እንቁላሏን ሌሎች ወፎች ጎጆ ውስጥ ጥላ ትሄዳለች፤ የተፈለፈለው ጫጩት ደግሞ የቤቱን ልጆች መቆሚያ መቀመጫ ያሳጣቸዋል። ርዝመቱ አስር ደቂቃ አይሞላም። እኛ ቤት ግን ወሬው ለቀናት አላለቀም፤ እናቴ እንኳ፣ ቴሌቪዥን ሲከፈት ፊቷን አዙራ ጥጥ የምትፈትለዋ፣ እንዝርቷን አስቀምጣ ነው ያየችው።

መጀመሪያ ስለ ሱቁ። ፒያሳ አካባቢ የስልክ መሸፈኛ፣ ቻርጀርና ኢርፎን እየሸጡ ፊልም የሚጭኑ ጠባብ ሱቆች አሉ። እኔ ደንበኛ የሆንኩበት ከሁሉም ይጠብባል፤ በሩ ላይ ሁለት ሰው ከቆመ ሦስተኛው የደሴን ዝናብ ችሎ ነው የሚጠብቀው። ስሙን አልጠራም። ከታች ስለ ትርጉሙ የምናገረው ክፉ ነገር የባለሱቁ ልጅ ጥፋት አይደለምና በሱ ላይ እንዲወድቅ አልፈልግም።

ልጁን እንዲያውም አመሰግነዋለሁ። ፍላሼን ሲቀበለኝ መጀመሪያ ቫይረሱን ያጸዳል። የፈተና ጥያቄ የማስቀምጥበትን ፎልደር «ይሄን አልነካም እታለም» ብሎ በጣቱ ያሳየኛል። ሲጨርስ ጥግ ላይ ካስቀመጣት አሮጌ ሪሲቨር ላይ ሰክቶ አንድ በአንድ እየከፈተ ያስመለክተኛል። ይሄ ቀላል ነገር አይደለም። ኮምፒውተር ላይ የሚከፈት ሁሉ ሪሲቨር ላይ አይከፈትም፤ ሌላ ቦታ አስጭኜ ቤት ስደርስ ድምፁ እየተሰማ ሥዕሉ ጥቁር የሆነብኝ ጊዜ አለ። ለልጆች ስለ ፎርማት ብትነግሯቸው አይገባቸውም፤ ቃላችሁን ያጠፋችሁት እናንተ ናችሁ። እዚህ እንዲህ ያለ ነገር ሲያጋጥም ወዲያው በሌላ ይቀይርልኛል። ለሙሉ ፍላሽ 150 ብር አስከፈለኝ፤ ሰላሳ ምናምን ካርቱን ነው፣ አልተወደደብኝም።

ቅሬታዬ ስም አወጣጡ ላይ ነው። ፋይሎቹ «አዲስ ካርቱን 7»፣ «ምርጥ ምርጥ»፣ «አንበሳው የመጨረሻ አዲስ» ይባላሉ። የኛው «ወፎቹ በትርጉም» ተብሎ ተቀምጧል። ስከፍተው መግቢያው ተቆርጧል፤ የሠሪዎቹ ስም መውጣት በነበረበት ቦታ የተርጓሚው ስልክ ቁጥር በቀይ ቀለም ከዳር ዳር ይሮጣል። ያን ሁሉ ቅጠልና ላባ የሳለው ሰው ስሙ ጠፍቶ፣ ማይክ ይዞ የተቀመጠው ስልኩን ሲያስተዋውቅ ማየት ያበሳጫል። ለልጁ ነገርኩት። «እኛም ተቆርጦ ነው የሚደርሰን» አለኝ፤ እውነቱን ነው። ኮምቦልቻ ያለችው እህቴም እዚያ አስጭና ያየችው ይሄንኑ ነው፤ ቀዩ ስልክ ቁጥር የዶሮ መዝለያን ቁልቁለት ወርዶ እዚያም ደርሷል ማለት ነው።

ወደ ፊልሙ። በእጅ የተሳለ ነው፤ ልጆች ዛሬ የለመዱት የሚያብረቀርቀው የኮምፒውተር ሥራ አይደለም። አገሩ የአውሮፓ ገጠር ነው፤ ብርዱ ወጥቶ ቅጠሉ ሊያቆጠቁጥ ሲል። ቁጥቋጦ ውስጥ ባልና ሚስት ትንንሽ ቡናማ ወፎች ጎጆ ሠርተው ሦስት ሰማያዊ እንቁላል ታቅፈዋል። እናት ኩኩ ከላይ ብቅ ስትል ሆዷ ላይ በተርታ የተሰመረው ጥቁር መስመር ጭልፊት ያስመስላታል፤ ባልና ሚስቱ ብን ብለው ይሸሻሉ። ይሄ የሠዓሊው ፈጠራ አይደለም፤ እውነተኛዋም ኩኩ በዚሁ መልኳ ነው ባለጎጆዎቹን የምታስደነግጠው። ሲመለሱ ከሰማያዊዎቹ መሃል አንድ ተለቅ ያለ፣ ግራጫ፣ ነጠብጣብ ያለበት እንቁላል ተቀምጧል።

ትልቁ ልጄ ሳቀ። «እንዴት አያዩትም? ዕውር ናቸው እንዴ?» አለ።

እዚህ ላይ ለፊልሙ እመሰክርለታለሁ። አብዛኛውን ጊዜ ኩኩ የምትጥለው እንቁላል የባለጎጆዋን ይመስላል። እያንዳንዷ እናት ኩኩ የለመደችው የወፍ ዓይነት አላት፤ እንቁላሏም ቀለሙ ከዚያች ወፍ እንቁላል ጋር የሚሄድ ነው። እንግሊዝ ውስጥ ደኖክ በምትባለው ትንሽ ወፍ ጎጆ የሚጣለው ግን ጨርሶ አይመሳሰልም። የደኖክ እንቁላል ጥርት ያለ ሰማያዊ ነው፣ የኩኩዋ ግራጫማና ነጠብጣባም፤ ደኖኳ ግን ምንም ሳትል ትታቀፈዋለች። ሠዓሊዎቹ ሰማያዊውን ዝም ብለው አልቀቡትም፣ የሚያውቅ ሰው አማክረዋል ማለት ነው። ለልጄ ይሄን ስነግረው «ታዲያ ደኖኳ ጅል ናት» አለ። ጅል መሆን አለመሆኗ ገና በሳይንስ የሚያከራክር ስለሆነ ተውኩት።

አጣጣሉ ላይ ግን ተሳስተዋል። በፊልሙ እናት ኩኩ እንቁላሉን በአፏ ይዛ መጥታ ከጎጆው ጠርዝ ላይ ታስቀምጠዋለች፤ ዙሪያዋን እየቃኘች፣ በእግሯ ጣት እየሄደች። ያስቃል። ሰዎችም ለረጅም ዘመን የሚያምኑት እንደዚያ ነበር፤ መሬት ላይ ጥላ በአፏ ታመጣዋለች ይሉ ነበር። በ1920ዎቹ እ.ኤ.አ. ኤድጋር ቻንስ የሚባል እንግሊዛዊ ካሜራ ደግኖ አድፍጦ በቀጥታ ጎጆው ላይ ተቀምጣ እንደምትጥል አሳየ። ጠቅላላ ሥራዋ አስር ሴኮንድ ገደማ ነው፤ አንዱን የባለቤቶቹን እንቁላል በአፏ ታነሳለች፣ የራሷን ትጥላለች፣ ትሄዳለች። አፏ ላይ የሚታየው እንቁላል የራሷ ሳይሆን የሰረቀችው ነው። ይሄን ቢያደርጉት ፊልሙ ይበልጥ ያስቅ ነበር።

ከዚያ አራቱ ይፈለፈላሉ። ሦስቱ የቤት ልጆች እያንዳንዳቸው ጠባይ አላቸው፦ አንዱ ሥርዓተኛ፣ አንዷ አልቃሻ፣ ትንሹ ደግሞ ሁሉን የሚያምን። ኩኩው በመጀመሪያው ቀን ከነሱ እኩል ነው፤ በሁለተኛው እጥፍ ይሆናል፤ በሦስተኛው ሦስቱ ወንድምና እህቶች ክንፉ ሥር ተጣበው ጎጆው ጠርዝ ላይ ይንጠለጠላሉ። ለብርድ የተሰጣቸውን ቅጠል ይወስዳል። ማታ ሁሉም ሲተኛ ይዘፍናል። እናትየው ለትንሹ የደበቀችለትን አባጨጓሬ አሽትቶ ያገኛል። ምቀኝነት ግን ፊቱ ላይ የለም፤ ይሄን ሠዓሊዎቹ በጣም ተጠንቅቀው ነው የሠሩት። የሆነውን ሁሉ የሚያደርገው ስለራበው፣ ስለበረደውና ሰውነቱ ስላልበቃው ነው። ቅጠሉን ሲጎትት ዓይኑ እንኳ አልተከፈተም።

የምግቡን ትዕይንት ሳላነሳ ማለፍ አልችልም። አባትየው ትል ይዞ ይመጣል። አራት አፍ ይከፈታል። ሦስቱ ትንንሽ ቢጫ፣ አራተኛው ብርቱካንማ ቀይ። ሥዕሉ ወደ አራተኛው አፍ እየቀረበ ይሄዳል፤ አፉ ሰፍቶ ሰፍቶ ቴሌቪዥኑን ይሞላዋል፤ አባትየው ትሉን ለማድረስ ጭንቅላቱን እስከ አንገቱ አፉ ውስጥ ይከታል። ከዚያ ለአንድ አፍታ ይቆማል። ይገባልኛል፤ ከዚያ አፍ ይወጣ አይወጣ እሱም አልተማመነም። ሲወጣ ላባው ርሶ ቆሟል፤ ራሱን ሳያራግፍ ለሌላ ትል ይበራል። የደኖክ ክብደት 20 ግራም ገደማ ነው፤ የኩኩ ጫጩት ከጎጆ ሲወጣ ወደ 100 ግራም ይጠጋል። ትንሿ ወፍ ለማጉረስ ጭንቅላቷን አፉ ውስጥ ስትከት የተነሱ ፎቶዎች አሉ፤ ሥዕሉ ምንም አላጋነነም።

ድምፁንም አድምጡት። ተርጓሚው ትንፋሽ ሲወስድ ከኋላ የሚሰማው የኩኩው ጩኸት የአንድ ጫጩት ጩኸት አይደለም፤ ብዙ ጫጩት አንድ ላይ የሚጮህ ነው የሚመስለው። እውነቱም ይኸው ነው። በ1998 እ.ኤ.አ. የኬምብሪጅ ተመራማሪዎች ያሳተሙት ጥናት እንዳሳየው የኩኩ ጫጩት ድምፁን አፋጥኖ የሙሉ ጎጆ ጫጩቶችን ጩኸት ያስመስላል፤ አሳዳጊዎቹም ለአንድ ልጅ የሚያመጡት ለሙሉ ቤተሰብ የሚበቃ ነው። ይሄን ትዕይንት ክፍል ውስጥ ለተማሪዎቼ ባሳየው ደስ ይለኛል፤ ፕሮጀክተር ካገኘሁ።

አሁን ትልቁ ውሸት። የፊልሙ ኩኩ በእውነት ቢሆን ኖሮ ወንድምና እህት አይኖረውም ነበር። እዚያ አገር ያለው ኩኩ ጫጩት ከተፈለፈለ በሰዓታት፣ ቢበዛ በአንድ ሁለት ቀን ውስጥ፣ ላባ ሳያወጣ፣ ዓይኑ ሳይገለጥ፣ ጀርባው ላይ ባለች ጎድጓዳ ሌሎቹን እንቁላሎች አንድ በአንድ ተሸክሞ ከጎጆው ይጥላቸዋል። የተፈለፈለ ጫጩትም ቢሆን እንደዚያው ይገፋዋል። ይሄን መጀመሪያ በዝርዝር የጻፈው እንግሊዛዊው ሐኪም ኤድዋርድ ጄነር ነው፣ በ1788 እ.ኤ.አ.። ብዙዎች አላመኑትም፤ ገና ያልጠና ጫጩት እንዴት ይሄን ያደርጋል ብለው። ይኸው ጄነር ነው ከስምንት ዓመት በኋላ፣ በ1796 እ.ኤ.አ.፣ የፈንጣጣ ክትባትን የሞከረው።

ይሄን ስናገር እናቴ ነጠላዋን ገልጣ ክንዷ ላይ ያለችውን ክብ የክትባት ጠባሳ ለልጆቹ አሳየቻቸው። እነሱ ፈንጣጣ ምን እንደሆነ አያውቁም፤ አገራችን ውስጥ ለመጨረሻ ጊዜ የታየው በ1968 ዓ.ም. ነው። እሷ ግን ፊታቸው የተበሳሳ፣ ዓይናቸው የጠፋ ጎረቤቶቿን ስም እየጠራች ነገረቻቸው። ትንሹ ልጄ ጠባሳዋን በጣቱ እየነካ «ስለዚህ ኩኩን ያየው ሰውዬ ነው የወጋሽ?» አላት። «አዎ፣ እሱ ልኮ ነው» አለችው።

ከዚያ ወደ ኔ ዞራ «ዓይኑ ሳይገለጥ ነው የሚጥላቸው?» አለችኝ።

«ሳይገለጥ ነው።»

«ታዲያ ምን ኃጢአት አለበት?»

ተርጓሚውን አምጥቼ ይሄን ጥያቄ ፊቱ ላይ ባስቀምጠው ደስ ይለኝ ነበር። ፊልሙ በራሱ ቋንቋ ንግግር የለውም፤ ሙዚቃ፣ የወፍ ድምፅ፣ የዝናብ ድምፅ ብቻ ነው። ተርጓሚው የሚተረጉመው ነገር የለም ማለት ነው። ዝም ማለት ግን አልቻለም። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ እንደ ሠርግ ቤት መድረክ መሪ፣ የሚታየውን ሁሉ መልሶ ይነግረናል፤ «አሁን ትል ይዞ መጣ! አሁን በላው!» ይሄስ ይሁን፤ የለመድነው ነው። የማልምረው ሌላውን ነው። ኩኩው ገና ከእንቁላሉ ሲወጣ «ይሄ ዲቃላ መጣ» አለ። ቅጠሉን ሲስብ «የሰው ልጅ፣ መቼም የሰው ልጅ ነው» አለ። አባትየው ርሶ ሲወጣ «የባዕድ ልጅ ማሳደግ ትርፉ ይሄ ነው» ብሎ ሳቀ። የወንድምና እህቶቹን ፊት ብትመለከቱ እንዲህ ያለ ነገር የለበትም። ትንሹ ማታ ኩኩው ሲዘፍን አብሮት ለመዝፈን ይሞክራል እንጂ።

የእህቴ ልጅ እኛ ጋ ነው የምትኖረው። ከሁለቱ ወንዶች ልጆቼ ጋር አንድ አልጋ ተሻምታ፣ አንድ ደብተር ተካፍላ ነው ያደገችው። እሷም ሶፋው ላይ መሃል ተቀምጣ አብራ ታይ ነበር። ምንም አላለችም። በማግስቱ ቁርስ ላይ ሁለተኛ ዳቦ ሲሰጣት «በቃኝ» አለች። ሁልጊዜ ሁለት ነው የምትበላው፤ እንዲያውም ዳሩን ካላገኘች ትጣላለች። ባለቤቴ ሞሰቡን ወደሷ ገፋ አድርጎ «ምነው፣ አመመሽ እንዴ እናቴ?» አላት። ራሷን ነቀነቀች። ዳቦው እዚያው ቀረ።

ደሴ ውስጥ፣ ወሎ ውስጥ፣ የሰው ልጅ የሌለበት ቤት የትኛው ነው? የጡት ልጅ አለ። የክርስትና ልጅ አለ። ከደላንታ፣ ከወረኢሉ፣ ከአምባሰል ለትምህርት መጥቶ ዘመድ ቤት የሚያድር አለ። የጎረቤት ልጅ እናቱ ዓረብ አገር ስትሄድ እዚያው የቀረ አለ። በ2014 ዓ.ም. መግቢያ ላይ ከሰሜን ወሎ የተፈናቀለው ሕዝብ ከተማዋን ሲሞላት ስንቱ ነው የማያውቀውን ልጅ ቤቱ አስገብቶ ያሳደረ፤ ከጥቂት ሳምንት በኋላም ራሱ ተፈናቅሎ ልጁን በሌላ ሰው ቤት ያሳደረ። ይሄ ተርጓሚ ለማን ነው የሚናገረው? ገበያው እኛ ነን። ፍላሹን የሚገዛው እንዲህ ያለው ቤት ነው።

ስለዚህ ማታ ልጆቹን ሰብስቤ ሳይንሱን ነገርኳቸው። ስብከት አላልኩም፤ ሳይንስ ነው ያልኩት። የኩኩ ዘር ሁሉ ወንድሙን አይገፋም። ነጠብጣባም የሆነች ትልቅ ኩኩ አለች፤ አፍሪካም ውስጥ አለች፣ ደቡብ አውሮፓም ውስጥ አለች፤ በብዛት የምትጥለው ቁራና የቁራ ዘመዶች ጎጆ ነው። ጫጩቷ የቁራ ልጆችን አትጥልም፤ አብራ ነው የምታድገው። ትሻማለች፣ ትጮሃለች፣ ያ አለ። በ2014 እ.ኤ.አ. ከሰሜን ስፔን የወጣ ጥናት ግን ሰውን ሁሉ አስገርሟል። ይቺ ጫጩት ስትያዝ እጅግ የሚከረፋ ፈሳሽ ትለቃለች። ተመራማሪዎቹ ፈሳሹን ሥጋ ላይ ቀብተው ለድመትና ለአሞራ ቢሰጡ አልነካም አሉ። አዳኝ በሚበዛበት ጊዜ ኩኩ ያለበት የቁራ ጎጆ ከሌለበት ይልቅ ልጅ የማትረፍ ዕድሉ ከፍ ያለ ሆኖ ተገኘ። ሌሎች ተመራማሪዎች ሌላ ወፍ ላይ ሞክረው ያን አላገኙም፤ ሳይንስ እንዲህ ነው። ቁራዎቹ ግን እዚያ ስፔን ውስጥ ትርፋቸውን አግኝተዋል።

«ስለዚህ ትሸታለች» አለች የእህቴ ልጅ።

«በጣም።»

«እነሱ ግን አብረዋት ይተኛሉ?»

«ይተኛሉ።»

ትልቁ ልጄ አፍንጫውን ይዞ ወደሷ ጠጋ አለ፤ በትራስ መታችው፤ ከዚያ በኋላ ያለው ድብድብ ከሳይንስ ውጭ ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ለተርጓሚው። «የፈረንጅ አገር ወፍ ክፋት» እያለ ደጋግሞ ይሳለቃል። ኧረ በሞቴ፣ ማር መሪዋን ረሳሃት? ሰውን እየጠራች ወደ ዱር ንብ የምትወስደው፣ የጫካ ማር የሚቆርጥ ሰው ሁሉ የሚወዳት ወፍ እሷም እንቁላሏን ሰው ጎጆ ነው የምትጥለው። ጫጩቷ ሲፈለፈል ምንቃሩ ጫፍ ላይ የሾለ መንጠቆ አለው፤ በዚያ ነው ያሳዳጊዎቹን ልጆች የሚወጋቸው። ከዚያ አድጎ ለሰው ማር ይመራል። ይሄን የመሰለ ታሪክ ደጃችን እያለ ካርቱን የሚሠራበት ሰው አለመኖሩ ይቆጨኛል፤ የሚሳል ተማሪ ካላችሁ ንገሩት።

አሁን ወደ ገበያው ልመለስ። ሱቁ ሄጄ «ይሄን ያለ ትርጉም የለህም?» አልኩት። አለ። «ኦሪጅናል» የሚል ፎልደር ውስጥ ተኝቷል። እሱ ግን አፍሮ «ሰው ዝም ያለ ፊልም አይወስድም እታለም፤ ድምፁ ተበላሽቷል ብለው ይመልሱብኛል» አለኝ። ጫነልኝ፤ ተጨማሪ አልተቀበለኝም።

ያለ ትርጉም ሲታይ ሌላ ፊልም ነው። መጨረሻው ተርጓሚው «አመስጋኝ የለም፣ ክፉ ለክፉ ነው» እያለ የጮኸበት ቦታ ላይ በዋናው ሙዚቃ እንኳ የለም። ኩኩው አድጎ ከጎጆ ወጥቷል፤ ሌሊት ነው፤ ወንድምና እህቶቹ ተኝተዋል። ወደ ደቡብ ይመለከታል፣ ይበራል። ጠዋት እናትየው ትል በአፏ ይዛ ትመጣለች፤ ሦስት አፍ ይከፈታል፤ አራተኛውን ትፈልጋለች። ይሄ ሁለት ደቂቃ ገደማ ነው፤ ከፊልሙ ሁሉ የወደድኩት ይሄን ነው። እውነተኛው ነገር ደግሞ ከዚህም ይበልጣል። ደኖክ እንግሊዝ ውስጥ ክረምት ከበጋ እዚያው የሚኖር ወፍ ነው፤ የትም አይሄድም። በዚያ ቤት መንገዱን የሚያውቅ የለም። የኩኩ ወላጆች ደግሞ ቀድመው ሄደዋል። ጫጩቱ ብቻውን፣ ማንም ሳያሳየው፣ በሌሊት እየበረረ አፍሪካ ይደርሳል። ከ2011 እ.ኤ.አ. ጀምሮ እንግሊዞች ትንሽ መከታተያ አሥረውባቸው ሲከታተሉ የአገራቸው ኩኩዎች የአውሮፓን የብርድ ወራት የሚያሳልፉት ኮንጎ ተፋሰስ አካባቢ ሆኖ ተገኘ። ልጆቹ ካርታ ላይ ፈለጉት፤ ትንሹ በማስመሪያ ለክቶ ደሴ በመንገዱ ላይ አይደለችም ብሎ አዘነ።

ዕድሜን በተመለከተ፣ አምስት ዓመት ያለፈው ልጅ ይገባዋል። ጭልፊት የምትመስለው እናት ኩኩ ብቅ የምትልበት ላይ ትንሽ የሚደነግጥ ሊኖር ይችላል፤ ወዲያው ያልፋል። መብራት የሚቆራረጥበት ሰፈር ካላችሁ አጭርነቱ ጥሩ ነው፣ ሳይቋረጥ ያልቃል። ለትምህርት ቤትም ይሆናል፤ መምህራን ሆይ፣ ስለ እንቁላል አጣጣሉ ያልኩትን አርማችሁ አሳዩ።

ስታስጭኑ «ወፎቹ» ብላችሁ አትጠይቁ፤ በትርጉም ያለውን ይሰጧችኋል። «ኦሪጅናል ፎልደር ውስጥ ያለው፣ ኩኩው» በሉ። ሪሲቨር ላይ ከፍቶ ያሳያችሁ፤ መጀመሪያ ላይ ምንም ድምፅ አይሰማም፣ እንዳትደነግጡ፣ ወፎቹ ገና አልነቁም። የእኔን ፋይል ስሙን «ኩኩ ያለ ትርጉም» ብሎ እንዲቀይረው ለምኜው ቀይሮልኛል፤ እሱም ኮምፒውተሩ ላይ እንዲሁ አድርጎታል። የቀረው ስልክ ቁጥሩ ነው፤ እሱ በትርጉሙ ላይ ብቻ ነው የሚሮጠው።